የግራ እጅ ስፌት

ዲየፕ ምላጩን በሁለት ጣቶቿ ይዛ የአያቷን ስፌት እየፈታች ሳለ ሦስተኛው አውቶቡስ ደጃፉ ላይ ደርሶ ጥሩምባውን ነፋ። እጇ ደንገጥ አለና ክሩን ብቻ መቁረጥ ሲገባት ቅጠሉንም ጫረችው። «ይኸውልሽ» አለች ለራሷ። የተጫረ ቅጠል መነሳት አለበት፣ በሌላ መተካት አለበት፤ ተኪዋም ያው እሷው ናት። ከጠዋት ጀምሮ ጓዳው ወለል ላይ እግሯን አጣጥፋ ስለተቀመጠች ወገቧ ተቆርጦ ሊወድቅ ደርሷል።

ባርኔጣው መንደሩ በሙሉ የሚሠራው ሾጣጣ ባርኔጣ ነው። ከጫፉ እስከ ክፈፉ አሥራ ስድስት የቀርከሃ ቀለበቶች አሉት፤ በቀለበቶቹ ላይ በጋለ ብረት የተተኮሰ የዘንባባ ቅጠል ይነጠፍና እንደ ፀጉር በቀጠነ ክር ይሰፋል። የላይኞቹን አሥራ ሁለት የሰፋችው እናቷ ናት፤ እኩል እኩል ነው፣ እንከን አይወጣለትም። የታችኞቹ አራቱ ግን የአያቷ ናቸው። እዚያ ክሩ አንዴ ይራራቃል፣ አንዴ ይደራረባል፣ አንዳንድ ቦታማ ጭራሽ ቀለበቱን ስቶ ቅጠሉን ብቻ ይዟል። ዲየፕ አራቱን ፈትታ እንደገና መስፋት አለባት። አራት ቢባሉም ትልልቆቹ እነሱ ናቸው፤ የባርኔጣው ግማሽ ሥራ እዚያ ነው ያለው።

ከፊት፣ በረንዳው ላይ፣ አስጎብኚው ኪየን የተለመደውን ሲያወራ ይሰማታል። ኪየን ቅዳሜና እሑድ ከዋና ከተማው ከሃኖይ እንግዶች እየጫነ የእጅ ሥራ መንደሮችን የሚያዞር ወጣት ነው፤ ጠዋት ሸክላ ሠሪዎቹ ጋ፣ ቀትር ላይ ማራገቢያ ሠሪዎቹ ጋ፣ ከሰዓት እነሱ ጋ። «እማማ ሉዋ ሰባ ስምንት ዓመታቸው ነው» ይላል። «ከሰባት ዓመታቸው ጀምሮ መርፌ ከእጃቸው ወጥቶ አያውቅም።» ውሸቱን ነው። ስድስት ልጅ ስትወልድ፣ ወንዙ ሞልቶ መንደሩን የዋጠው ጊዜ ጣሪያ ላይ ወጥታ ስትሰነብት፣ ምን መርፌ ነበር? ግን እንግዳ እንዲህ ያለ ወሬ ይወዳል። አያቷ ቡናማ ሸሚዟን ለብሳ ምንጣፏ ላይ እንደተቀመጠች ወደ ድምፁ ፈገግ ትላለች፤ እንግዶቹም ፎቶ ያነሱና «የእማማ ሉዋ የእጅ ሥራ» ተብሎ ከተጻፈበት መደርደሪያ ባርኔጣ እየመረጡ ይገዛሉ።

የዚህ ሁሉ መነሻ የአያቷ ዓይን ነው። የዛሬ ዓመት ተኩል ጭጋግ ነገር ጋረደው። ሐኪሙ ደጋግሞ አይቶ፣ የጠፋው ብርሃን እንደማይመለስ፣ የቀረውን ለማቆየት ጠብታ ከማድረግ በቀር መላ እንደሌለው ተናገረ። አያቷ ግድ የሰጣት አትመስልም ነበር። «መቼ በዓይኔ ሰፍቼ አውቃለሁ? በጣቴ ነው» ብላ ተቀመጠች። ያን ቀን የሰፋችው ግን ሰው ፊት የሚቀርብ አልነበረም። እናቷ ባርኔጣውን ጓዳ ይዛ ገብታ ለዲየፕ ሰጠቻትና ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ፣ አስተካክዪው፣ ለሷ ግን ትንፍሽ እንዳትዪ፣ መርፌዋን ከቀማናት ትሞትብናለች አለቻት። ማታ አያቷ «የዛሬው ስፌቴ እንዴት ነበር?» ብላ ጠየቀች። ዲየፕም «እንደ ድሮው ነው» አለች። ለአንድ ቀን መስሏት ነበር። ከዚያ ወዲህ አያቷ ስትሰፋ በዋለች ቁጥር ያቺ ጥያቄ ማታ መጣች፣ መልሱም እንደዚያው።

እንግዶቹ ወደ አውቶቡሱ ሲመለሱ ኪየን ወደ ኋላ ቀርቶ ጓዳ ገባ። ክፉ ሰው አይደለም፤ በመጣ ቁጥር ለዲየፕ የሰሊጥ ከረሜላ ይይዝላታል፣ እሱም እንደሷው ሰንበት አያውቅም፣ ዓይኑ ሥር ጠቁሯል። እናቷ ከከሰሉ አጠገብ ቁጢጥ ብላ ቅጠል ትተኩሳለች። ኪየን አጠገቧ ተቀመጠና አንድ ወሬ ነገራት። ሳይጎን ውስጥ ወይዘሮ ካም የሚባሉ ነጋዴ አሉ። በሦስት ከተማ ሱቅ አላቸው፤ አንድ ቤት መርጠው የዚያን ቤት ባርኔጣ ዓመቱን ሙሉ ሊወስዱ ይፈልጋሉ፤ ባርኔጣውን ብቻ ሳይሆን ከያንዳንዱ ጋር የሠሪዋን አሮጊት ፎቶ ጭምር። ሌሎች ቤቶችም አሳይቷቸዋል፣ እንደ እማማ ሉዋ ያለች አሮጊት ግን የትም አልተገኘችም።

«እትዬ ታም፣ የሚመጣው እሑድ ይመጣሉ» አለ። «እማማን ቁጭ ብለው ሲሰፉ ካዩ አለቀ፤ የምትሠሩት ሁሉ የሳቸው ነው።»

እናቷ ብረቱ ላይ ያስቀመጠችውን ቅጠል ረሳችውና ጭሱ ጓዳውን ሞላው።

ዲየፕ እናቷ ለምን ክው እንዳለች ገብቷታል። አባቷ፣ የእማማ ሉዋ ልጅ፣ ቀለበት ጠምዛዥ ነበር፤ በመንደሩ ቀርከሃ መሰንጠቅና ቀለበት መጠምዘዝ የወንድ ሥራ ነው። ባርኔጣ ገዢ ሲጠፋ ግን ወደ ደቡብ ወርዶ ሕንፃ ሥራ ገባ። ይኸው አራት ዓመቱ፤ ለአዲስ ዓመት ብቻ ብቅ ብሎ ይመለሳል። የወይዘሮ ካም ነገር ከተሳካ ቀለበት ከሰው መግዛት ይቀርና እሱ ራሱ መጥቶ ይጠመዝዛል። በዚያው ምሽት እናቷ ደውላ ነገረችው። አባቷም፣ የቀርከሃ መሰንጠቂያ ቢላዋዬ ዝጎ እንደሆነ እስቲ እዩልኝ አለና ሳቀ። ዲየፕ አባቷ ስልክ ላይ ሲስቅ ከሰማች ስንት ጊዜዋ! 

ሰኞ ትምህርት ቤት የሙከራ ፈተና ነበር። ዘጠነኛ ክፍል መሆን ቀልድ አይደለም፤ ሰኔ ላይ የሚሰጠውን ያለፈ አሥረኛ ክፍል ይገባል፣ ለወደቀ ደግሞ የልብስ ፋብሪካው በር ክፍት ነው። ዲየፕ ሦስተኛው የሒሳብ ጥያቄ ላይ ስትደርስ ቁጥሮቹ ስፌት መሰሏት፤ ከዚያ በኋላ የሆነውን አታስታውስም። የነቃችው ጓደኛዋ ቪ በክርኗ ስትጎሽማት ነው። መልስ መስጫው ላይ ለሃጯ ተዝረክርኳል።

«አንቺ ልጅ፣ ቅዳሜና እሑድ ትሞቺና ሰኞ ሬሳሽን ለኛ ታመጪዋለሽ» አለች ቪ። «አይነፋም።»

መምህሩ ወረቀቱን ሲሰበስቡ አዩዋት። አልተቆጧትም፤ ቤት ውስጥ ሥራ ይበዛብሻል ወይ ብለው ብቻ ጠየቋት። ብትናገርስ ምን ልትል ነው? አያቴ ትሰፋለች፣ እኔ እፈታለሁ ትበላቸው? ሙቀቱ ነው አለችና ወጣች።

ሐሙስ ቀትር ላይ ከትምህርት ቤት ስትመለስ ቤቱ ጭር ብሏል። እናቷ ቅጠል ልትገዛ ገበያ ወርዳለች። ዲየፕ ብስክሌቷን ግድግዳው ላይ አስደግፋ ፊቷን ልትታጠብ ወደ ጓሮ ስትዞር አያቷን ከውኃው ጋን ጀርባ አገኘቻት። መሬት ላይ ተቀምጣ፣ የተጣለ አሮጌ ባርኔጣ ጭኗ ላይ አድርጋ ትሰፋለች። እንግዳ የለ፣ ኪየን የለ፣ ማንም አይመለከታትም። መርፌው ጣቷን ሲወጋት «እህ» ትልና ጣቷን ትመጠዋለች፣ ከዚያ ደግሞ በአውራ ጣቷ ቀለበቱን ዳብሳ ትቀጥላለች። ሦስቱ ጣቶቿ ደምተዋል።

«እማማ፣ ምን እየሠራሽ ነው?»

«ቀስ በይ። እናትሽ መጣች?»

«ገበያ ናት።»

«እየተለማመድኩ ነው» አለች አያቷ፣ እንደ ማፈር ብላ። «እሑድ የሚመጡት ሴትዮ ባርኔጣ ያውቃሉ አሉ። ልጄ በኔ ምክንያት እንዳይቀር ብዬ ነው።»

ዲየፕ አጠገቧ ቁጭ አለች። ሰባ ዓመት የሰፋ ሰው ከጋን ጀርባ ተደብቆ ሲለማመድ ማየት አንጀቷን በላት። ጣቶቿን በውኃ አጠበችላት፤ ስስ ጨርቅ ቀድዳ ጠቀለለችላት። አያቷ እጇን ሰጠቻት፤ ትንፋሿ ከባድ ነው፣ ሩቅ መንገድ የመጣች ትመስላለች።

«ዲየፕዬ» አለች በመጨረሻ። «አንቺ አትዋሺኝም። ስፌቴ እንዴት ነው?»

ዲየፕ አሁን ልንገራት አለች በሆዷ። አሁን ብነግራት ያልቃል። ግን እሑድ ሦስት ቀን ነው የቀረው፤ እውነቱን የሰማች አያት በረንዳው ላይ ደረቷን ነፍታ አትቀመጥም፤ እሷ ካልተቀመጠች ወይዘሮ ካም የሉም፤ እሳቸው ከሌሉ አባቷ የለም። አባቷ እንዴት እንደሳቀ ትዝ አላት።

«እንደ ድሮው ነው» አለች።

አያቷ ደስ ይላታል ብላ ነበር። አያቷ ግን ትከሻዋ ዝቅ አለ። «እንግዲያው መቀመጤ ነዋ» አለችና በተጠቀለለው ጣቷ መርፌዋን ፈለገች። ዲየፕ ነገሩ አልገባትም፤ ለመጠየቅም አቅም አልነበራትም።

እሑድ ወይዘሮ ካም የመጡት በትንሽ መኪና ነው፤ ኪየን ከሹፌሩ አጠገብ ተቀምጧል። ስድሳ ያለፋቸው፣ ፀጉራቸውን አጭር የተቆረጡ፣ ነጠላ ጫማ ያደረጉ ሴት ናቸው፤ ወሬ አያበዙም። ዝቅ ያለችው በርጩማ ላይ ተቀምጠው ሻያቸውን እየጠጡ አያቷን ለረጅም ጊዜ ተመለከቷት። ኪየን «እማማ ሉዋ ሰባ ስምንት ዓመታቸው...» ብሎ ሲጀምር እጃቸውን አንስተው ዝም አሰኙት። አያቷ አንገቷን ደፍታ ትሰፋለች። ጣቶቿ ላይ የነበረውን ጨርቅ እናቷ ጠዋት ፈትታዋለች፤ ለፎቶ አያምርም ብላ።

ዲየፕ የጓዳውን በር ተደግፋ ቆማለች። ሴትዮዋ ብድግ ብለው ከመደርደሪያው አንድ ባርኔጣ አነሱ፣ ወደ ግቢው ወጡ፣ ባርኔጣውንም ወደ ፀሐይ ከፍ አድርገው ከውስጥ ያዩት ጀመር። ያኔ ዲየፕ የተደገፈችውን በር ለቀቀች። እንግዳ እንዲህ አያደርግም። እንግዳ ባርኔጣውን ራሱ ላይ ይደፋና ፎቶ ይነሳል። ወደ ፀሐይ አንስቶ የሚያይ ባርኔጣ ሲሸጥና ሲገዛ ያደገ ሰው ነው፤ ፀሐይ ላይ ቅጠሉ ያበራል፣ እያንዳንዱ ክርም ለብቻው ይታያል። የመንደሩ ገበያ አሮጊቶች እንዲህ አይተው ባርኔጣው ከማን ቤት እንደወጣ፣ ሰፊዋ የዚያን ቀን ከባሏ ጋር ተጣልታ እንደሆነ ሳይቀር ይናገራሉ።

«ይሄን የሰፉት ሁለት ሰዎች ናቸው» አሉ ወይዘሮ ካም።

ኪየን ቶሎ ብሎ፣ አዎ፣ የላይኛውን የሰፋችው እትዬ ታም ናት፣ የታችኛው ከባድ ስለሆነ የእማማ ነው አለ።

«የላይኛው ስፌት ወደ ቀኝ ያዘነብላል። የታችኛው ወደ ግራ ነው።» ሴትዮዋ ዞረው የአያቷን እጅ አዩ። መርፌው ቀኝ እጇ ላይ ነው።

ዲየፕ ፊቷ ጋለ። ዓመት ተኩል ሙሉ ስንቱን ተጠንቅቃለች! የስፌቱን ርቀት የአያቷ አድርጋዋለች፣ ቋጠሮውን አያቷ በምትደብቅበት ቦታ ደብቃለች። ግራኝ መሆኗን ግን አንድም ቀን ከቁም ነገር ቆጥራው አታውቅም። ግራኝ ቀለበቱን የሚዞረው በተቃራኒው ነው፤ ስፌቱም ወደዚያው ይጋደማል። ባርኔጦቹ የሚሸጡት ለእንግዳ ብቻ ስለነበር እስከ ዛሬ ያየ አልተገኘም። እናቷም ብትሆን ከከሰሉ አጠገብ መች ቀና ብላ።

«እስቲ ወዲህ በሉት» አለች አያቷ።

ኪየን ሊያስጥል ነበር፤ ወይዘሮ ካም ግን ባርኔጣውን አቀበሏት። አያቷ ጭኗ ላይ ገልብጣ አውራ ጣቷን ከውስጥ ሰደደች። ላይኞቹን ቀለበቶች ፈጠን ብላ አለፈቻቸው። ታችኞቹ ላይ ስትደርስ ጣቷ ቀስ አለ፣ ቆመ፣ ተመለሰ፣ አንድ ቀለበት ሙሉ ዞረ። የግቢው ሰው ሁሉ ጣቷን ይመለከታል።

«ይሄ የግራ እጅ ነው» አለች። እቤት ውስጥ ግራኝ አንድ ሰው ብቻ ነው። ፊቷን ወደ ጓዳው በር አዞረች። «ዲየፕ፣ የኔንስ ምን አደረግሽው?»

«እፈታዋለሁ» አለች ዲየፕ።

«ሁልጊዜ?»

«ሁልጊዜ።»

ዲየፕ አያቷ ታለቅሳለች ብላ ጠበቀች። ቁጣም ቢሆን ጠብቃ ነበር። አያቷ ግን ባርኔጣውን ጎኗ አስቀምጣ ሁለት እጇን ጉልበቷ ላይ አደረገች።

«ታዲያ እኔን ለምን ታስቀምጡኛላችሁ?» አለች። «እኔ እኮ ስፌቴ ያስፈልጋችኋል ብዬ ነው። ደክሞኛል እኮ። ዓመቱን ሙሉ ደክሞኝ ነው የከረምኩት።»

እናቷ አንድ ነገር ልትል አፏን ከፈተች። እኛ ደግሞ መርፌው ከተወሰደብዎ ምን ይሆናሉ ብለን፣ አለችና ቀሪው አፏ ውስጥ ቀረ። ዲየፕ ሐሙስ ዕለት ከጋኑ ጀርባ አያቷ ትከሻዋ ለምን እንደወረደ አሁን ገባት። አያቷ «ስፌትሽ ተበላሽቷል፣ በቃሽ» የሚላት ሰው ነበር የምትፈልገው። እሷ ደግሞ በየማታው «እንደ ድሮው ነው» እያለች መልሳ ምንጣፉ ላይ ስታስቀምጣት ኖራለች። 

ወይዘሮ ካም ተመልሰው በርጩማው ላይ ተቀመጡ። ቁጣ አልታየባቸውም።

«እኔ እናቴ ባርኔጣ ነጋዴ ነበረች፤ ስለዚህ ዓይኔ ዝም አይልም» አሉ። «ስፌቱ ጥሩ ነው። ደንበኞቼ ደግሞ ወደ ፀሐይ አያነሱም፣ ቀኝ ይሁን ግራ አያዩም። እኔ የምፈልገው እማማን ነው። መስፋት የለባቸውም። መርፌውን ይዘው ይቀመጡ እንጂ።»

ከዚያ እማማ የሚቀመጡባቸውን ቀኖች ነገሩ። በሳምንት ሁለት ቀን መሆኑ ይቀራል። እንግዶቻቸው በየቀኑ ስለሚመጡ ጠዋትም ከሰዓትም መቀመጥ ነው፤ ለፎቶ የሚያምር አዲስ ምንጣፍ ይልካሉ። ኪየን ትንፋሹን ለቀቀ። እናቷ አያቷን አየች፤ መለመን ይሁን መፍራት ዓይኗ አይለይም።

«እቀመጣለሁ» አለች አያቷ። «ልጄ ይምጣ እንጂ እቀመጣለሁ።» ይህን እያለች ምንጣፉን ትዳብስ ነበር፤ የወደቀባትን መርፌ ትፈልጋለች። መርፌው ከጉልበቷ አጠገብ ነበር፣ እሷ ግን ማዶ ትዳብሳለች።

ዲየፕ አባቷ እንዲመጣ ትፈልጋለች። ጠዋት ከእንቅልፏ ስትነሳ ጓሮ ቀርከሃ ሲሰነጥቅ መስማት ትፈልጋለች፤ ከዚህ የበለጠ የምትፈልገው ነገር የለም። ያችን መሬት የምትዳብስ እጅ ግን ከዚህ በላይ ማየት አልቻለችም።

«አያቴ ከተቀመጠች እኔ አልሰፋም» አለች።

ድምፅዋ ስላነሰ ማንም አልሰማትም። እንደገና አለችው።

«ዲየፕ፣ ግቢ ወደ ውስጥ» አለች እናቷ።

«ታችኞቹን አራቱን የምሰፋው እኔ ነኝ። እሷ ከተቀመጠች አልሰፋም። ሌላ ሰው ይስፋው።»

ሌላ ሰው እንደሌለ ሁሉም ያውቃል። እናቷ ቅጠሉን ተኩሳ፣ ላይኛውን ሰፍታ፣ ለዓመት ትእዛዝ ታችኛውንም ልትደርስበት አትችልም። ኪየን መሬት መሬቱን አየ። ወይዘሮ ካም ልጅቷን ከእግር እስከ ራሷ ተመለከቷት።

«ስንት ዓመትሽ ነው?»

«አሥራ አራት።»

«እኔ በአሥራ አራት ዓመቴ እናቴን እንዲህ የምልበት አፍ አልነበረኝም» አሉ። ሙገሳ ይሁን ተግሣጽ አልለየም። ቦርሳቸውን አንስተው ወደ እናቷ ዞሩ። «እስከ ረቡዕ ተነጋገሩ። እማማ ካሉ እኔ አለሁ። ከሌሉ ግን ይቅርታ አድርጉልኝ፣ ሌላ ቤት መፈለጌ ነው።»

መኪናው ከሄደ በኋላ ዲየፕ አያቷን በክንዷ ደግፋ አስገባቻት። አያቷ፣ ምነው ባትናገሪ፣ ምን ነበረበት፣ መቀመጥ እኮ ነው እያለች እግሯን ጎተተች። አልጋው ጫፍ ላይ ተቀምጣም ያንኑ ትላለች። ጋደም ስትል ግን ዲየፕ የወባ አጎበሩን እስክታወርድ እንኳን አልቆየችም፤ አፏን ከፍታ እንቅልፍ ወሰዳት።

እናቷ የጠበቀቻት ጓዳ ነው። እዚህ ቤት የሚወስነው ማን ነው አለቻት፤ እኔ ቅጠል ስተኩስ ፊቴ ሲቃጠል የምኖረው ለማን ነው፤ አባትሽ ሲስቅ አልሰማሽም ወይ አለቻት። ዲየፕ እንዴት አትሰማ! ሰምታለች። እናቷም ፊቷን በሁለት እጇ ያዘች። መዳፎቿ ከብረቱ የተነሳ እንደ ቁርበት ደርቀዋል።

«አንቺው ንገሪው» አለች ስልኩን ከፊቷ አስቀምጣ። «እኔ አፌ አይታዘዘኝም።»

ረቡዕ ገና ነው። ዝም ብትል እናቷ አያቷን በሦስት ቀን ውስጥ ታግባባት ይሆናል፤ አያቷ እንደሆነች እሺ ብላለች። ዲየፕ ስልኩን አነሳች። ከዚያ ደወለች።

አባቷ ወዲያው አነሳ። ከኋላው ሲሚንቶ የሚያቦካው ማሽን ይጮኻል። «እህ፣ መጡ?» አለ፤ ድምፁ ቸኩሏል፣ ስልኩ አጠገብ ሲጠብቅ እንደዋለ ያስታውቃል።

ዲየፕ ነገረችው። አንዱንም አልዘለለችም። ስፌቱን በምላጭ ስትፈታ እንደኖረች፣ በየማታው የምትዋሸውን፣ ሐሙስ ከጋኑ ጀርባ ያየችውን፣ የግራ እጇን ነገር፣ ሴትዮዋ ያሉትን፣ እሷ የመለሰችውን።  አባቷ አላቋረጣትም።  አንድ ሰው ሲጠራው ተሰማ፣ እሱም ቆይ አለው።

«እናቴስ?» አለ።

«ተኝታለች።»

«በዚህ ሰዓት?»

«አዎ። ሴትዮዋ እንደሄዱ ነው የተኛችው፤ እስካሁን አልተነሳችም።»

ዲየፕ ጠበቀች። እንደ እናቷ ይቆጣ ይሆናል፤ ወይ ደግሞ እስቲ ለትንሽ ጊዜ ትቀመጥ፣ ለአንድ ዓመት ብቻ ይል ይሆናል። ያን ካለ ምን እንደምትመልስለት አላወቀችም። አባቷ ጉሮሮውን ጠረገ።

«ተያት ትተኛ» አለ። «ለራት ግን አስነሷት። ሳትበላ ካደረች ራሷን ያማታል።»

ዲየፕ እሺ አለች። አባቷ መቼ እንደሚመጣ አልተናገረም፤ እሷም አልጠየቀችውም።